ወዟን አትንኩባት

ባለፈው ኅዳር እዚህ ለንደን ውስጥ ለአንድ ክበብ ውድድር ያቀረብኳት ምስል ከነአስተያየት ወረቀቷ ተመለሰችልኝ። ቁመቷ ከአውራ ጣቴ አይበልጥም። በአንድ እጇ ጦር ይዛለች፤ ትከሻና ደረቷ ላይ የብረት ጥሩር ደርባለች፤ ከቀበቶዋ የጠላት የራስ ቅል ተንጠልጥሏል። የቀረው ፊቷ፣ ክንዷና ባቷ ቆዳ ነው። ሦስት ሳምንት ሙሉ ከሥራ መልስ ማታ ማታ አጉሊ መነጽር አድርጌ ቀባኋት። ዳኛው ጥሩሩን «ግሩም» ብሎታል። የራስ ቅሉንም «ግሩም» ብሎታል። ስለ ቆዳዋ ግን እንዲህ ጽፏል፦ ከመጠን በላይ ያብለጨልጫል፤ ላብ ወይም የተወለወለ እንጨት መስሏል፤ ቡኒውን ከአጥንት ቀለም ጋር ቀላቅለሽ አለዝቢው።

የአጥንት ቀለም! በሕይወት ያለች ሴት ግንባር ላይ የአጥንት ቀለም! አንብቤ ስጨርስ ደሜ ፈላ። ወራት አልፈውም አልበረደልኝም፤ እንዲበርድልኝም አልፈልግም።

ነገሩን ለማያውቅ ባጭሩ ልናገር። «ዳንጅንስ ኤንድ ድራገንስ» በ1974 እ.ኤ.አ. ከወጣ፣ ዛሬ ዋና መሥሪያ ቤቱ ኖቲንግሃም የሆነው ጌምስ ወርክሾፕ ደግሞ በ1983 «ዋርሃመር»ን ካወጣ ወዲህ፣ ጠረጴዛ ላይ ለሚደረግ የምናብ ጦርነት ሰዎች በእጃቸው የሚቀቧቸው ትንንሽ ምስሎች አሉ። ሚኒያቸር ይባላሉ። አብዛኞቹ ቁመታቸው ሦስት ሴንቲ ሜትር ገደማ ነው፤ ፊታቸው ከምስር ፍሬ ብዙም አይበልጥም። ከፋብሪካ ግራጫ ፕላስቲክ ሆነው ይመጣሉ። ብዙዎቻችን ጨዋታውን ትተን ቅቡን ይዘን ቀርተናል። ጎልደን ዴመን የሚባለው የቅብ ውድድር ከ1987 ጀምሮ አለ፤ ሰው አንዲት ምስል ላይ ወራት ይፈጃል። ስለዚህ «የልጅ መጫወቻ ነው፣ ምን ያስቆጣል?» የሚለኝ ሰው፣ ሌላ ሰው በመቶ ሰዓት ድካም የሠራውን ሥራ እየናቀ መሆኑን ይወቅ።

ያቺ ሴት አክስቴ ናት። ፋብሪካው እሷን ብሎ አልሠራትም፤ እኔ ግን ስቀባት አክስቴን አደረግኳት። አክስቴ ጠይም ናት። ለዓውደ ዓመት ሹሩባ ተሠርታ አናቷ ላይ ቅቤ ስትደረግ፣ ፀሐይ ላይ ስትቀመጥ ቅቤው ይቀልጥና በግንባሯ፣ በጆሮ ግንዷ ይወርዳል። ያኔ ግንባሯ ላይ አንዲት ትንሽ ቦታ ትበራለች። ልጅ ሆኜ አጠገቧ ተቀምጬ ያቺን ቦታ አያት ነበር። ቡኒ አልነበረችም። ቢጫም አልነበረችም። የሰማዩን ቀለም ይዛ ነበር።

እናቴ ደግሞ ጠዋት ትምህርት ቤት ከመሄዴ በፊት ቫዝሊኑን መዳፏ ላይ አሽታ ፊቴን፣ ክርኔን፣ ጉልበቴን ታብሰኝ ነበር። «አመዳም ሆነሽ ሰው ፊት ልትቆሚ?» ይህን ያልሰማ ኢትዮጵያዊ ልጅ ካለ ይንገረኝ። ደረቅና ነጣ ብሎ የገረጣ ቆዳ በእኛ ቤት የችግር፣ የበሽታ፣ ሰው የማጣት ምልክት ነው። ጤነኛ ቆዳ ወዝ አለው። ወዝ! እንግሊዝኛው ይህን ቃል በአንድ ቃል አያገኘውም። ላብም ነው፣ የገላ ቅባትም ነው፣ የጤንነት ብርሃንም ነው፤ ወዛደር የሚለው ቃል የተወለደው ከዚሁ ነው። ዳኛው «ላብ መሰለ» ሲል እንደ ጥፋት ቆጥሮት ነው። እኔ ደግሞ ሦስት ሳምንት የደከምኩት ለዚያው ነበር። የጠየቀኝ ነገር በአማርኛ ሲተረጎም አንድ ነው፦ አክስትሽን አመዳም አድርጊያት።

ይህ የስሜት ጉዳይ ብቻ እንዳይመስል፣ ብርሃኑ ራሱ የሚሠራውን ልንገራችሁ። ብርሃን ቆዳ ላይ ሲያርፍ ጥቂቱ ከላይኛው ገጽ ነጥሮ ይመለሳል። የቀረው ወደ ውስጥ ይገባል፤ እዚያ ከሜላኒንና ከደም ጋር ተገናኝቶ፣ ተበታትኖ፣ ቀላ ብሎ ይወጣል። ሜላኒን ባነሰበት ቆዳ ከውስጥ የሚመለሰው ብርሃን ብዙ ስለሆነ ላዩ ላይ ያለውን ነጸብራቅ ይሸፍነዋል፤ ፊቱ ዱቄት የተነሰነሰበት ያህል ለስላሳ ይመስላል። ሜላኒን በበዛበት ቆዳ ወደ ውስጥ ከገባው ብርሃን አብዛኛው እዚያው ይቀራል። ስለዚህ ከላይ የነጠረው ብቻውን ጎልቶ ይታያል፤ ጠባብ፣ ጥርት ያለ፣ ጠርዙ የታወቀ ሆኖ። ያ ነጸብራቅ ደግሞ የቆዳውን ቀለም አይይዝም፤ የመጣበትን ቀለም ይዞ ይመጣል። ከሰማይ ከመጣ ወደ ሰማያዊ ያደላል። ከምድጃ ከመጣ ብርቱካን ይሆናል።

አሁን በዚህ ሙያ የሚዞረውን የጥቁር ቆዳ አሠራር ተመልከቱ። ቡኒ ቅቡ። ላዩ ላይ ዋሽ የሚባለውን ቀጭን ጥቁር ፈሳሽ አፍስሱ፤ ስንጥቁ ውስጥ ይግባ። ከዚያ ቡኒውን ከአጥንት ቀለም ጋር ቀላቅሉና ጉንጭና አፍንጫ ላይ አድርጉ። አለቀ። ለስንት ዓመት፣ በስንት ሰው አፍ ይህንኑ ሰማሁ! የአጥንት ቀለም ነጭና ቢጫ ጭቃ ነው፤ ደፍኖ የሚሸፍን ቀለም ነው። ቡኒ ውስጥ ሲገባ ቡኒው ቅላቱን ያጣል፣ ይገረጣል፣ እንደ ጠመኔ ይደርቃል። በዚህ መንገድ የተቀባ ሙሉ ጦር ከአንድ ክንድ ርቀት ሲታይ ትናንት ከአመድ ጉድጓድ የወጣ ይመስላል። ይህን እንደ ትክክለኛ ቆዳ ለምዶ ያደገ ዓይን፣ ትክክለኛውን ሲያይ «ስህተት» ይላል። ዳኛዬ ላይ የደረሰው ይኸው ነው።

የሚያናድደኝ ሌላው ነገር ደግሞ ይህ ነው። ያ ሰው «ግሩም» ያለውን ጥሩር በምን የቀባሁት ይመስላችኋል? ብርማ ቀለም አልነካሁም። ብረትን ብርማ ባልሆነ ተራ ቀለም የማስመሰል ጥበብ አለ፤ በዚህ ሙያ ከከባዶቹ አንዱ ነው። ከላይ ሰማዩን ትቀባለህ፤ መሐል ላይ የአድማሱን ጥቁር መስመር ታሰምራለህ፤ ከሥሩ የምድሩን ቡኒ ታስገባለህ፤ ጠርዙ ላይ አንዲት ንጹሕ ነጭ ነጥብ ታስቀምጣለህ። ብረት የራሱ ቀለም እምብዛም የለውም፤ በዙሪያው ያለውን ይዞ ይቆማል። ሁሉም ያውቀዋል፣ ሁሉም ያደንቀዋል፣ ስለ አድማሱ መስመር ቦታ ሰዓታት ይከራከራሉ። እኔ ያንኑ ሰማይ፣ በዚያው ብሩሽ፣ በዚያው ምሽት ከጥሩሩ ሦስት ሚሊ ሜትር ከፍ ብዬ ግንባሯ ላይ አስቀመጥኩት። ብረቱ ላይ ሲሆን ጥበብ፣ ቆዳዋ ላይ ሲሆን ጥፋት! ለሞተ ብረት የሰጡትን ትኩረት ለሕያው ጠይም ፊት ነፈጉት።

ጥሩርንም ቢሆን በቅጡ የሚያዩት ጥቂቶች ናቸው። ማንቸስተር አደባባይ ላይ ያለው ዋላስ ኮሌክሽን መግቢያው ነፃ ነው፤ ቅዳሜ ቅዳሜ እሄዳለሁ። እዚያ የቆሙት ጥሩሮችና ራስ ቁሮች ስንቶቹ ብርማ ናቸው? በእሳት ግለው ጥቁር ሰማያዊ የሆኑ አሉ፤ ሆን ተብለው የጠቆሩ አሉ፤ በወርቅ የተለበጡ፣ ዘመን ያደከማቸው፣ ቡናማ የሆኑ አሉ። በሙያው ግን ከዘጠኝ ዓመት ልጅ እስከ ሽበታም ድረስ አንድ መንገድ ይዟል፦ «ሌድቤልቸር» የሚባለውን ብርማ ቀለም ቀባ፣ «ኑልን ኦይል» የሚባለውን ጥቁር ዋሽ ደፋ፣ ጨረሰ። በአንድ አውቶቡስ ቲኬት ሄዶ ማየት የሚችል ሰው ይህን ሲያደርግ ስንፍና እንጂ ሌላ ስም አላገኘሁለትም።

አጥንቱስ? የጌምስ ወርክሾፕ የድሮው ንጹሕ ነጭ ቀለም ስሙ «ስከል ኋይት» ነበር፤ የራስ ቅል ነጭ ማለት ነው። ጎኑ «ብሊችድ ቦን» የሚባል ቢጫ ነገር ነበር። ዛሬ በአንድ ሣጥን 340 የራስ ቅል ታሽጎ ይሸጣል፤ ሰው ገዝቶ 340ውንም በአንድ ቀለም ይረጫል፣ በአንድ ዋሽ ያጥባል። በፋሲካ ማግስት ቅልጥም ሰብራችሁ ታውቁ የለም? አዲስ አጥንት መገጣጠሚያው ላይ ወደ ሰማያዊ የሚያደላ ዕንቁ ይመስላል፤ ጎኑ ሮዝ ነው፤ ስብ የነካው ቦታ ቅቤ ነው፤ ትንንሾቹ ቀዳዳዎች ደም ይዘዋል። መስክ ዳር የተጣለ የበሬ ራስ ሌላ ነው፤ ፀሐይ ያየው ወገን እንደ ኖራ ነጥቶ ይሰነጣጠቃል፣ መሬት የተኛበት ወገን አፈሩን ጠጥቶ ይጠቁራል፣ አፍንጫው ውስጥ የድንጋይ ሽበት ይበቅላል። የለንደኑ የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም አዳራሽ ጣሪያ ላይ ከ2017 ጀምሮ የተሰቀለው፣ ርዝመቱ ከ25 ሜትር የሚያልፈው የሰማያዊ ዓሣ ነባሪ አጽም ደግሞ ከሥሩ ቆማችሁ ስታዩት ወተት የበዛበት ሻይ ነው። አክስቴ ቀበቶ ላይ ያለውን የራስ ቅል የቀባሁት ለዓመታት ከምድጃ በላይ ተሰቅሎ ጥቀርሻ የጠገበ አድርጌ ነው፤ የገጠር ቤታችን ወራጅ እንጨት የያዘውን ያንን የሚያብረቀርቅ ጥቁር ቡኒ ሰጠሁት። ዳኛው አየው፣ ገባው፣ አደነቀው። የጥቀርሻን ልዩነት የሚለይ ዓይን ነበረው እኮ!

ቀርቤ አነጋገርኩት። ክፉ ሰው አይደለም፤ በትዕግሥት አዳመጠኝ፤ መልሱንም በአግባቡ ሰጠኝ። ምስሉ ትንሽ ስለሆነ ቆዳ ላይ ያለ ጠንካራ ብርሃን ዓይንን ያሳስታል፣ ሰው ቫርኒሽ የፈሰሰበት ይመስለዋል አለኝ። ይህ ባዶ ክርክር አይደለም። በዚህ መጠን የምንቀባው ሁሉ ማጋነን ይፈልጋል፤ ሦስት ሴንቲ ሜትር ላይ የተፈጥሮ ብርሃን ብቻውን በቂ ጥላ አይሠራም፣ እኛ ነን ጥላውን የምንቀባው። ታዲያ ማጋነን ግዴታ ከሆነ የምናጋንነው ያለውን ነው ወይስ የሌለውን? የነጭ ቆዳ ቅላት በጉንጭ፣ በአፍንጫ ጫፍ፣ በጆሮ ላይ ይጋነናል፤ ማንም «ትኩሳት ያዘው» አላለም። ክንዴን ከመብራቱ ሥር ዘረጋሁለት። አንጓዬ ላይ ያለችውን ብርሃን አየ። ዝም አለ። ውጤቱ ግን አልተቀየረም።

የችግሩ ሥር ጠርሙሱ ላይ የተለጠፈው ስም ነው። ከጌምስ ወርክሾፕ የድሮ ቀለሞች መካከል «ድዋርፍ ፍሌሽ»፣ «ኤልፍ ፍሌሽ»፣ «ብሮንዝድ ፍሌሽ» የሚባሉ ነበሩ። የድንኩ ሥጋ፣ የኤልፉ ሥጋ፣ ፀሐይ የነካው ሥጋ፤ ሁሉም በሮዝና በኮክ መካከል ናቸው። «ዳርክ ፍሌሽ» የሚባል ቀይ ቡኒም ነበር፤ ሰው የምስሎቹን የቆዳ ቀበቶና ጫማ ይቀባበት ነበር። በ2012 ስሞቹ ሲለወጡ ምትክ ሆኖ የመጣው «ዱምቡል ብራውን» ተባለ፤ በጨዋታው ዓለም የቀንዳም አውሬ ስም ነው። ሥጋ የሚለው ቃል ለሮዙ ቀረ። በ2019 ኮንትራስት የሚባሉት ቀለሞች ሲመጡም «ጊሊማን ፍሌሽ» ያው ወደ ሮዝ የሚያደላ ነው። አሜሪካዊው የክሬዮላ ፋብሪካ «ፍሌሽ» የሚለውን የከለር እርሳስ ስም ወደ «ፒች» የቀየረው በ1962 ነበር! የልጆች ከለር እርሳስ ከስድሳ ዓመት በፊት የገባውን ነገር የአዋቂ ሠዓሊ ጠርሙስ ሳይገባው ቆየ።

በአማርኛ የሥጋ ቀለም የሚባል የሰው መልክ የለም። ሥጋ ስንል ቁርጥ ነው የምናስበው። የሰው መልክ ጠይም ነው፣ ቀይ ነው፣ ቀይ ዳማ ነው፣ ጥቁር ነው፤ ቀይ የምንለውም ሰው እንደ በርበሬ እንዳልቀላ ሁላችንም እናውቃለን። መልከ መልካሙን ደመ ግቡ እንለዋለን፣ ደማም እንለዋለን። ቃሉ የደሙን መግባት ያያል። ገበሬው ከብቱን ዳለቻ፣ ቡሬ፣ ጉራቻ ብሎ ከሩቅ ይለያል። ይህን ሁሉ ቃል የወለደው ማየት ነው።

እኛም ንጹሕ አይደለንም፤ ይህን ሳልናገር ባልፍ ውሸታም እሆናለሁ። የሠርግ ፎቶአችንን ተመልከቱ። ጠይሟ ሙሽራ በፓውደር ትሸፈናለች፤ ከዚያ ፎቶ ቤቱ ደግሞ ያነጣታል፤ አልበሙ ላይ የምትወጣው ሴት እናቷ የወለደቻት አይደለችም። «ቀላ ብላ ወጣች» ተብሎ ይመሰገናል። ያ ፓውደርና ያ የአጥንት ቀለም አንድ ናቸው። ዳኛው ላይ የጮህኩትን ያህል ፎቶ ቤቱ ላይም እጮሃለሁ።

የጥንቶቹ ሠዓሊዎች ከእኛ ይሻሉ ነበር። ቼኒኖ ቼኒኒ የተባለው ጣሊያናዊ በ1400 ገደማ ባዘጋጀው የሙያ መጽሐፉ፣ ፊት ሲቀባ መጀመሪያ አረንጓዴ አፈር ከሥር ይነጠፍ፣ ላዩ ላይ ደረጃ በደረጃ ሥጋው ይውጣ ይላል፤ የሞተ ሰው ፊት ላይ ግን ቅላት እንዳይነካ ያስጠነቅቃል፣ ሟች ቀለም የለውምና። ሕያውና ሙት በቀለም ይለያያሉ ማለት ነው። የእኛዎቹም የጎንደር ሠዓሊዎች፣ በተለይ የአሥራ ስምንተኛው መቶ ዘመኖቹ፣ ፊት ላይ ያለውን ጥላ ወደ ቀይ ቡኒ እያደሉ ቀስ በቀስ አለስልሰው አውጥተውታል። ጥቁር ደፍተው አላለፉም። እነዚህ ሰዎች አጉሊ መነጽር፣ የሚታጠፍ መብራት፣ መቶ ጠርሙስ የተዘጋጀ ቀለም አልነበራቸውም።

«ምናብ ነው፣ ዘንዶ ባለበት ዓለም የቆዳ ነጸብራቅ ምን ይሠራል?» ይሉኛል። በዚያው ዓለም የዝገት አወራረድ ሳይንስ ሆኖ የለም እንዴ! የውኃ መውረጃ መንገድ፣ የጭቃው አደራረቅ፣ የጥይት ቀዳዳ ጠርዝ ሳይቀር በፎቶ ተመሳክሮ ይቀባል። ለዘንዶ ገዳዩ ጋሻ ማስረጃ የሚፈልግ ሰው ለገዳይዋ ፊት ማስረጃ ሲጠየቅ ምናብ ነው ይለኛል። አልቀበልም።

ጀማሪውን አልወቅስም። እኔም የመጀመሪያዎቹን ሃያ አጽሞች የጨረስኩት በኮንትራስት ነው፤ ነጭ ላይ አንድ ጊዜ ይቀባል፣ ጉድጓዱ ውስጥ ራሱ ይጠልቃል፣ ሰው ተስፋ ሳይቆርጥ ይጨርሳል። ጥሩ ነገር ነው። የምወቅሰው አሥር ዓመት የቀባውን፣ የሚያስተምረውን፣ የሚዳኘውን ነው። እርሱ ከጠርሙሱ ስም ማለፍ ነበረበት።

ስለዚህ ዛሬ ማታ የምትቀቡ ሁሉ ክንዳችሁን ቅባት ቀብታችሁ መብራት ሥር አድርጉት፤ የእናንተ ጠይም ካልሆነ ጠይም ወዳጅ ለምኑ። ጥላውን በጥቁር አትደምድሙት፤ ቀይ ቡኒ ውስጥ ጥቂት ሐምራዊ ወይም ጥቁር ሰማያዊ አግቡበት። መሐሉን ሞቅ አድርጉት፣ ብርቱካን አትፍሩ፤ ደሙ ያለው እዚያ ነው። ነጸብራቁን በመጨረሻ፣ በቀጭን ብሩሽ ጫፍ፣ ጠባብ አድርጋችሁ በሰማዩ ቀለም አስቀምጡ፦ ግንባር፣ የጉንጭ አጥንት፣ የአፍንጫ ጀርባ፣ የታችኛው ከንፈር፣ ትከሻ። መዳፉ ከእጁ ጀርባ ነጣ ይላል፤ አንጓው ይጠቁራል። የዓይኑን ነጭ በንጹሕ ነጭ አትሙሉት። ሲደርቅ ከክንድ ርቀት እዩት። ከዚያ አመድ የሆነውን የድሮ ሥራችሁን ጎኑ አቁሙና ሁለቱን እኩል ጊዜ ተመልከቱ።

በመጪው ሚያዝያ ሌላ ውድድር አለ። ያችኑ ምስል ይዤ እሄዳለሁ። ትናንት ማታ ግንባሯ ላይ ከነበረችው ነጥብ ጎን አንዲት ታናሽ ነጥብ ጨመርኩ፤ ከሹሩባዋ ሥር እስከ ጆሮ ግንዷ የቀለጠው ቅቤ የወረደበትን ቀጭን መስመርም አወጣሁ። የአጥንቱን ጠርሙስ የከፈትኩት አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ የቀበቶዋ የራስ ቅል ጥርሱ ላይ ትንሽ ተፍቆ ነበር።